ወርዋሪው ዊሊ

«ስምን መልአክ ያወጣዋል» የሚለው ብሂል የሠራለት ሰው ቢፈለግ ዊሊ ትሮወር አንዱ ነው። ትሮወር የሚለው የቤተሰቡ ስም በእንግሊዝኛ «ወርዋሪ» ማለት ነው። ሰውየው በልጅነቱ ስሙ የታወቀው፣ ዩኒቨርሲቲ የገባው፣ በመጨረሻም ለአጭር ጊዜ ደመወዝ የተከፈለው ኳስ በመወርወር ነበር። በአሜሪካ ፕሮፌሽናል ፉትቦል መዝገብ ላይ ውርወራው ሲፈለግ የሚገኘው ግን አንድ መስመር ብቻ ነው። 8 ጊዜ ወረወረ፤ 3ቱ ለወገኑ ደረሱ፤ በእነዚያም 27 ያርድ ተገኘ፤ አንዱ በባላጋራ ተጠለፈ። ሌላ የለም።

ያ መስመር የተጻፈው ኦክቶበር 18 ቀን 1953 እ.ኤ.አ. ቺካጎ ውስጥ ነው። በዚያ ቀን ኤንኤፍኤል በሚባለው ሊግ፣ አሁን በምናውቀው መልኩ፣ ጥቁር ሰው ኳርተርባክ ሆኖ ሲጫወት ለመጀመሪያ ጊዜ ታየ። ከጥቂት ደቂቃዎች በኋላ አሰልጣኙ ጠርቶ አስወጣው። በዚያ ሊግ ውስጥ ዳግመኛ አልወረወረም።

ፉትቦሉን በምስጋና ቀን ከዶሮው ጎን በቴሌቪዥን ብቻ የሚያውቀው አንባቢ ብዙ ስለሆነ፣ ኳርተርባክ ማለት ምን ማለት እንደሆነ ጥቂት ማለት ያስፈልጋል። በሜዳው ላይ አንድ ቡድን 11 ሰው ያሰልፋል። ከ11ዱ መካከል አብዛኛው የሚገፋ፣ የሚሮጥ ወይም የሚይዝ ነው። ኳርተርባኩ ግን ኳሱ በእያንዳንዱ እንቅስቃሴ መጀመሪያ እጁ የሚገባ፣ ሦስት ሰከንድ በማይሞላ ጊዜ ውስጥ ባላጋራው እንዴት እንደተሰለፈ አይቶ ለማን እንደሚሰጥ የሚወስን ሰው ነው። ዛሬ ትእዛዙ ከአሰልጣኙ በራስ ቁሩ ውስጥ ባለ ድምፅ መቀበያ ይደርሰዋል። በ1953 ግን እንዲህ ያለ ነገር አልነበረም። በዚያ ዘመን ኳርተርባኩ ጓደኞቹን በክብ ሰብስቦ «አንተ እዚህ ሩጥ፣ አንተ እዚያ ያዝ» የሚል አዛዥ ነበር። አሥር ሰዎች፣ አብዛኞቹ ነጮች፣ ጎንበስ ብለው ቃሉን ይሰማሉ፤ ያለውንም ይፈጽማሉ።

ነገሩ ያለው እዚህ ላይ ነው። ጥቁር ሰው ሮጦ ነጥብ ቢያስቆጥር፣ ከነጭ ጋር ተጋፍቶ ቢጥል፣ የ1950ዎቹ አሜሪካ በግድም ቢሆን መልመድ ጀምራ ነበር። ጥቁር ሰው ነጮችን ሲያዝ፣ እነሱም ሲታዘዙት ማየት ግን ሌላ ጉዳይ ነው። በስፖርቱ ዓለም «ለዚያ ቦታ ጭንቅላት ያስፈልጋል» የሚል አነጋገር ነበር። ተናጋሪው ስለ ቆዳ ቀለም አንድ ቃል ሳይተነፍስ ሁሉም ይገባው ነበር።

ዊሊ ትሮወር ማርች 22 ቀን 1930 ፔንሲልቬኒያ ውስጥ በኒው ኬንሲንግተን ተወለደ። ከተማዋ ከፒትስበርግ ወደ ሰሜን ምሥራቅ 30 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ በአሌጌኒ ወንዝ ዳር የተቆረቆረች የፋብሪካ ከተማ ናት። አልኮዋ የተባለው ኩባንያ በዓለም የታወቀበትን አሉሚኒየም እዚያ ያመርት ነበር። የምዕራብ ፔንሲልቬኒያ የከሰልና የብረት ከተሞች በፉትቦል ታሪክ የኳርተርባክ አገር ይባላሉ። ጆኒ ዩናይተስ፣ ጆ ኔመት፣ ጆ ሞንታና፣ ዳን ማሪኖና ጂም ኬሊ ሁሉም የዚያ አካባቢ ልጆች ናቸው። የዚያ አገር ሰው ስለ ውርወራ ሲያወራ እነዚህን ስሞች በጣቱ ይቆጥራል። የወርዋሪውን ስም የሚጨምር ጥቂት ነው።

ዊሊ ቁመቱ ለዚህ ጨዋታ ረጅም የሚባል አልነበረም። እጁ ግን ሰፊ ነበር። ኳሱን እንደ ሎሚ ጨብጦ 70 ያርድ፣ ማለትም ከ60 ሜትር በላይ፣ ይወረውር እንደነበር የሚያውቁት ተርከውለታል። የሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቱ ቡድን በ1946 እና በ1947 በተከታታይ የምዕራብ ፔንሲልቬኒያ ሻምፒዮን ሆነ። ዝናው ከአካባቢው አልፎ ሩቅ ተሰማ፤ እስከ ፍሎሪዳም ደረሰ። ማያሚ ላይ በሚደረግ የትምህርት ቤቶች ጨዋታ እንዲሳተፍ ቡድኑ ተጋበዘ። የጋበዙት ሰዎች የቡድኑ ኮከብ ጥቁር መሆኑን ሲያውቁ ግብዣውን ሰረዙ። ልጆቹ ጥፋት አልነበረባቸውም። ሥራው ያለቀው በደብዳቤና በስልክ ነው። የአሥራ ሰባት ዓመት ልጅ፣ አንድ ሙሉ ከተማ በእሱ ምክንያት ከጉዞ እንደቀረ እያወቀ ክረምቱን ማሳለፉ ምን እንደሚመስል መገመት አያስቸግርም።

ብዙ ዩኒቨርሲቲዎች ይፈልጉት ነበር። እሱ የመረጠው ሚሺጋን ስቴትን ነው። በደቡብ ያሉት ታላላቅ ዩኒቨርሲቲዎች ጥቁር ተማሪ በማይቀበሉበት፣ በሰሜን ያሉትም ብዙዎቹ አንድ ሁለት ብቻ ይዘው በሚመጻደቁበት ዘመን፣ ሚሺጋን ስቴት በአንጻራዊነት በሩን ከፈት ያደረገ ነበር። አሰልጣኙ ቢጊ መን የሚባል ጥብቅ ሰው ነው። ዊሊ በዋናው ቡድን ውስጥ በነበረባቸው ሦስት ዓመታት፣ ከ1950 እስከ 1952፣ ሚሺጋን ስቴት 27 ጊዜ ተጫውቶ 26 ጊዜ አሸነፈ፤ አንድ ጊዜ ብቻ ተሸነፈ። በ1952 ከነጭራሹ ሳይሸነፍ የአገሪቱ ሻምፒዮን ተባለ።

ሆኖም ዊሊ በአብዛኛው ተጠባባቂ ነበር። በሻምፒዮናው ዓመት ቋሚው ኳርተርባክ ቶም ዩሲክ የሚባል ጎበዝ ልጅ ነው። ዊሊ የሚገባው ዩሲክ ሲጎዳ ወይም ሲደክም ነበር። በገባ ቁጥር ሕዝቡ ከመቀመጫው ይነሳ ነበር ይባላል፤ ረጅም ውርወራ ማየት የማይወድ የለምና። የተጠባባቂነቱ ምክንያት ቀለም ነበር ብሎ በእርግጠኝነት መናገር አይቻልም። ያ ቡድን በየቦታው ሁለት ሦስት ጎበዝ የነበረው ቡድን ነው። ለእውነቱ ታማኝ የሆነ ታሪክ ይህን ሳይደብቅ መናገር አለበት። ዊሊ ትሮወር ያለ ጥርጥር የዘመኑ ታላቅ ኳርተርባክ ነበር ማለት ማጋነን ይሆናል። ሊባል የሚችለው፣ ታላቅ መሆን አለመሆኑ የሚታወቅበት ዕድል አለመሰጠቱ ነው።

በ1953 ሲመረቅ፣ የፕሮፌሽናል ቡድኖች በየተራ ተመራቂ ተጫዋቾችን በሚመርጡበት ድራፍት ማንም ስሙን አልጠራም። በኋላ ግን ቺካጎ ቤርስ አስፈረመው።

የቤርስ ባለቤትና አሰልጣኝ ጆርጅ ሃላስ ተራ ሰው አልነበረም። ሊጉን ራሱን በ1920 ካቋቋሙት አንዱ ነው። በሊጉ የመጀመሪያ ዓመታት ጥቂት ጥቁሮች ይጫወቱ ነበር። ፍሪትዝ ፖላርድ የተባለው አጭርና ፈጣን ተጫዋች በ1920ዎቹ ቡድን አሰልጥኗል፤ በኳርተርባክነትም ተሰልፏል። የዚያን ጊዜው ጨዋታ ውርወራ ብርቅ የሆነበት ሌላ ዓይነት ጨዋታ ስለነበር ነው የታሪክ ጸሐፊዎች «በዘመናዊው ሊግ» የሚል ቅጽል እየጨመሩ ዊሊን የመጀመሪያው የሚሉት። ከ1933 በኋላ ግን ጥቁሮቹ አንድ በአንድ ጠፉ። ከ1934 እስከ 1945፣ ለ12 ዓመታት፣ በሊጉ አንድም ጥቁር ተጫዋች አልታየም።

ይህን የሚያዝ ወረቀት እስከ ዛሬ አልተገኘም። የተጻፈ ሕግ የለም፤ የተፈረመ ስምምነት የለም። ባለቤቶቹ ሲጠየቁ «እኛ አንከለክልም፤ የሚመጥን አልተገኘም» ይሉ ነበር። ፖላርድ በሕይወት እስካለ ድረስ ከመዝጊያዎቹ አንዱ ሃላስ ነው ብሎ ከስሷል፤ ሃላስ አስተባብሏል። በሩ የተከፈተው በ1946 ነው። የራምስ ቡድን ወደ ሎስ አንጀለስ ተዛውሮ በሕዝብ ገንዘብ በተሠራ ስታዲየም ልጫወት ሲል፣ የከተማው ጥቁር ጋዜጠኞች «በእኛም ግብር በተሠራ ሜዳ እኛን የማያሰልፍ ቡድን አይጫወትም» ብለው ተሟገቱ። ኬኒ ዋሽንግተንና ውዲ ስትሮድ የተቀጠሩት በዚህ ግፊት ነው። ጃኪ ሮቢንሰን በቤዝቦል ታላቁን ሊግ ከመርገጡ አንድ ዓመት በፊት መሆኑ ነው።

ሃላስን እንደ ተረት ክፉ ሰው መሳልም ቀላል አይደለም። በ1949 ጆርጅ ታሊያፌሮን በድራፍት የመረጠው እሱ ነው፤ በሊጉ ድራፍት የተመረጠ የመጀመሪያው ጥቁር ተጫዋች ታሊያፌሮ ነበር። ተጫዋቹ ወደ ሌላ ሊግ ሄደበት እንጂ። ዊሊንም ሌላው ሁሉ ሲያልፈው ያስፈረመው ይኸው ሃላስ ነው። በአንድ እጁ የከፈተውን በሌላው እጁ የዘጋ ሰው ነበር።

የ1953 ቤርስ ደካማ ቡድን ነበር። ዓመቱን የጨረሰው 3 አሸንፎ፣ 8 ተሸንፎ፣ 1 አቻ ወጥቶ ነው። ቋሚው ኳርተርባክ ጆርጅ ብላንዳ ይባላል። የሚገርመው፣ ብላንዳም የምዕራብ ፔንሲልቬኒያ ልጅ፣ ያውም ከኒው ኬንሲንግተን ጋር አንድ ካውንቲ ውስጥ ካለች ያንግዉድ ከምትባል ትንሽ ከተማ የመጣ፣ የከሰል ቆፋሪ ልጅ ነበር። ሁለቱ ከአንድ አፈር በቅለው ለአንድ ቦታ ተፎካከሩ ማለት ይቻላል።

በዚያ እሑድ ቤርስ ሳን ፍራንሲስኮን በሪግሊ ፊልድ ያስተናግዱ ነበር። ቡድኑ በዚያን ዘመን የሚጫወተው በቤዝቦል ሜዳ ላይ ነው። የብላንዳ ጨዋታ ሃላስን አላስደሰተውም። ሃላስ ዊሊን ጠርቶ አስገባው።

በየጓደኞቹ መሐል ጎንበስ ብሎ የመጀመሪያውን ትእዛዝ ሲሰጥ ማን ምን እንዳሰበ አልተመዘገበም። የተመዘገበው የውርወራው ቁጥር ነው። 8 ወርውሮ 3 አደረሰ፤ አንዱን ባላጋራ ጠለፈበት። አዲስ ለሆነና ሳይሟሟቅ ለገባ ሰው ይህ አስደናቂም አሳፋሪም አይደለም። ቤርስ ግን ወደፊት እየገፉ ነበር። ወደ ሳን ፍራንሲስኮ የግብ መስመር ተጠጉ። ነጥብ የሚሸትበት ቦታ ላይ፣ ኳርተርባክ ስሙን የሚተክልበት ሰዓት ላይ ሲደርሱ፣ ሃላስ ዊሊን ጠርቶ አስወጣውና ብላንዳን መለሰ። ተመልካቹ ዊሊ እንዲቆይ ጮኸ ይባላል። ቤርስ በመጨረሻው 35 ለ 28 ተሸነፉ።

ድርጊቱን በጨዋታ ዓይን ብቻ የሚያይ ሰው መከራከሪያ አያጣም። አሰልጣኝ ነጥብ በሚቆጠርበት ቦታ ልምድ ያለውን ሰው ቢመርጥ ምን ነውር አለው? ምንም። አንድ ቀን ብቻ ቢሆን ኖሮ ይህ መልስ ይበቃ ነበር። ግን ብላንዳ በዚያው ዓመት 23 ጊዜ ተጠለፈበት። ቡድኑ እየተሸነፈ፣ ዓመቱ እየተበላሸ፣ ሃላስ የሚያጣው ነገር ባልነበረበት ጊዜ እንኳ ያ ልጅ እስቲ እንደገና ይሞክር አላለም። ዓመቱ ሲያልቅ አሰናበተው።

የብላንዳ ዕጣ ከዊሊ ጎን ሲቀመጥ ነገሩ ይበልጥ ይገለጣል። ብላንዳ ከቤርስ ጋር ብዙ ተጣልቷል፤ ሃላስም ቦታውን ነስቶት ኳስ በእግር መቺ ብቻ አድርጎት ነበር። በዚህ ተማርሮ ከ1958 በኋላ ጨዋታ አቆመ። በ1960 አዲስ ሊግ ሲቋቋም ሂዩስተን ጠራው፤ ተመለሰ፤ ሻምፒዮን ሆነ። በ1962 በአንድ ዓመት 42 ጊዜ ተጠለፈበት። ይህ እስከ ዛሬ ያልተሰበረ የውድቀት ሪከርድ ነው። ሆኖም አላባረሩትም። በጨዋታ ዘመኑ በጠቅላላው 277 ጊዜ ተጠልፎበት፣ 26 የውድድር ዘመን ተጫውቶ፣ 48 ዓመቱ ላይ በ1975 ጫማውን ሰቀለ። በ1981 የክብር አዳራሽ ገባ። ይገባዋልም፤ ብርቱ ሰው ነበር። አንዱ ኳርተርባክ 277 ጊዜ ስቶ ታላቅ ለመባል ጊዜ አገኘ፤ ሌላው የሳተው 1 ጊዜ ነው።

ብላንዳን ለመውቀስ አይደለም። የዘር መድልዎ ሁልጊዜ በዱላና በውሻ አይመጣም። እዚህ ጋ የመጣው በአንድ የእጅ ምልክት ነው፤ «ና ውጣ»። ያንን ምልክት ያሳየው ሰው ምናልባት ራሱንም እንደ አድሏዊ አልቆጠረም። ማስረጃ ቢጠየቅ፣ 8 ወርውሮ 3 ማለቱ በቂ ነበር። ማስረጃው እንዳይሰፋ ያደረገው ራሱ መሆኑን ማን ይጠይቀዋል?

ከዚያ በኋላ ወርዋሪው ወደ ካናዳ ሄደ። ለብዙዎቹ የዚያ ዘመን ጥቁር ኳርተርባኮች ካናዳ የስደት አገር ነበረች ማለት ይቻላል። ከዊሊ ሁለት ዓመት ቀድሞ በርኒ ከስቲስ የተባለ የሲራኪዩስ ዩኒቨርሲቲ ኳርተርባክ ክሊቭላንድ መርጦት በዚያ ቦታ ሊያጫውተው ስላልፈለገ፣ ድንበር ተሻግሮ በ1951 በሃሚልተን ቋሚ ኳርተርባክ ሆኗል። ዊሊ በዊኒፔግ ተጫወተ። ከበረዶው ጋር የሚታገል ክንድ ብዙ አይቆይም። ትከሻው ተጎዳና በ27 ዓመቱ ጨዋታ አቆመ።

ከሱ በኋላ የመጡት ታሪክ ባይጨመር የእሱ ታሪክ ሙሉ አይሆንም። የዊሊ ነገር የአንድ ቀን አጋጣሚ ነው ለሚል ሰው መልሱ ያለው እነሱ ዘንድ ነውና። ሳንዲ ስቲቨንስ ሚኒሶታን በ1960 የአገሪቱ ሻምፒዮን ካደረገ በኋላ ሁለት የፕሮፌሽናል ቡድኖች መረጡት፤ ለኳርተርባክነት ግን አንዱም አልፈለገውም። እሱም ወደ ካናዳ ሄደ። ከዊሊ ከራሱ ዩኒቨርሲቲ፣ ከሚሺጋን ስቴት፣ ጂሚ ሬይ በኖቬምበር 1966 ከኖተር ዴም ጋር 10 ለ 10 የተለያየውንና የክፍለ ዘመኑ ጨዋታ የተባለውን ቡድን መራ። ፕሮፌሽናል ሲሆን ተከላካይ አደረጉት። ቸክ ኢሊ በቶሌዶ ዩኒቨርሲቲ በሦስት ዓመት 35 ጊዜ ተጫውቶ 35ቱንም አሸነፈ። በ1972 ድራፍት የጠራው የለም። ያንኑ ዓመት ካናዳ ሄዶ ሃሚልተንን ሻምፒዮን አደረገ።

ከሁሉ ግን የማርሊን ብሪስኮ ታሪክ ከዊሊ ጋር ይዛመዳል። ብሪስኮ የኦማሃ ልጅ ነው፤ በከተማው ዩኒቨርሲቲ በኳርተርባክነት ብዙ ሪከርድ ሰብሯል። በ1968 ዴንቨር በ14ኛው ዙር መረጠው፤ ለተከላካይነት። ብሪስኮ እንደ ብዙዎቹ እሺ ብሎ አልፈረመም። ሦስት ቀን በኳርተርባክነት ልሞከር፤ ከዚያ በኋላ የምትሉትን እሆናለሁ ብሎ ተደራደረ። በሙከራው ጥሩ አሳየ፤ ያም ሆኖ ተከላካይ አደረጉት። ዓመቱ ሲጀመር ቋሚው ኳርተርባክ አጥንቱ ተሰበረ፤ ተተኪዎቹም አልሆኑም። በሴፕቴምበር 29 ቀን ከቦስተን ጋር ሲጫወቱ፣ በአራተኛው ሩብ አስገቡት። የመጀመሪያ ውርወራው 22 ያርድ ሄዶ ወገን እጅ ገባ። ቆየት ብሎ ቡድኑን 80 ያርድ ነድቶ በራሱ እግር ነጥብ አስቆጠረ። በሳምንቱ ኦክቶበር 6 ቀን ቋሚ ሆኖ ተሰለፈ። ዊሊ ከወጣ 15 ዓመት ሊሞላ 12 ቀን ቀርቶት ነበር።

ብሪስኮ በዚያ ዓመት 14 የታችዳውን ውርወራ ወረወረ። በዴንቨር ታሪክ ጀማሪ ኳርተርባክ እንደዚያ አድርጎ አያውቅም፤ ሪከርዱም እስከ 2024፣ ቦ ኒክስ እስኪመጣ ድረስ፣ ለ56 ዓመት ቆየ። በቀጣዩ ዓመት ግን የኳርተርባኮቹ ስብሰባ ሲጠራ እሱን አልጠሩትም። ምክንያት የነገረው የለም። ልቀቁኝ አለ፤ ለቀቁት፤ ቡፋሎ ሄደ። ቡፋሎ ደግሞ ጄምስ ሃሪስ የተባለ ሌላ ጥቁር ኳርተርባክ ያገኘበት ዓመት ነበር። ብሪስኮ ያልሞከረውን ቦታ ተማረ፤ ኳስ ያዥ ሆነ። በ1970 ከሊጉ ምርጥ ያዦች አንዱ ተባለ። በኋላም ከማያሚ ጋር በ1972 ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ሳይሸነፍ ሻምፒዮን ከሆነው ብቸኛው ቡድን ጋር ዋንጫ አነሳ። ለተመልካች ይህ የድል ታሪክ ይመስላል። ዳግመኛ ኳርተርባክ ሆኖ ግን አልተሰለፈም። ጨዋታ ካቆመ በኋላ በአደንዛዥ ዕጽ ተይዞ ብዙ ዓመት ተንገላታ፤ የሻምፒዮና ቀለበቶቹን ባንክ ወሰዳቸው። በመጨረሻ ከሱሱ ወጥቶ ከወጣቶች ጋር ሠራ። በ2022 አረፈ።

ዊሊ ትሮወር እንዲህ ያለ ውጣ ውረድ ውስጥ አልገባም። ሕይወቱ ጸጥ ያለ ነበር። ኒው ዮርክ ውስጥ በማኅበራዊ አገልግሎት ሠራ። ቆይቶ ወደ ኒው ኬንሲንግተን ተመልሶ መጠጥ ቤት ከፈተ። በአሉሚኒየሙ ከተማ፣ ፋብሪካው እየቀዘቀዘ በሄደባቸው ዓመታት፣ ከባንኮኒው ጀርባ የቆመው ሰው ማን እንደነበር ሽማግሌዎቹ ያውቃሉ፤ ወጣቶቹ ላያውቁ ይችላሉ። በኋለኛው ዘመኑ ጋዜጠኞች ሲጠይቁት ራሱን ከጃኪ ሮቢንሰን ጋር አነጻጽሮ ተናግሯል። ንጽጽሩ ትዕቢት አልነበረም። ሮቢንሰንን የቀጠረው ብራንች ሪኪ ዕቅድ ነበረው፤ ተጫዋቹ ከጀርባው የሚቆምለት ሰው አግኝቶ ነበር። ሮቢንሰን መጀመሪያ ላይ ሲቸግረው ከሜዳ አልወጣም። ዊሊ ከኋላው የቆመ አልነበረም።

በ1988 ዳግ ዊሊያምስ ዋሽንግተንን መርቶ በሱፐር ቦል ዴንቨርን 42 ለ 10 ሲያሸንፍ፣ አራት ታችዳውን ወርውሮ የጨዋታው ኮከብ ሲባል፣ ዊሊ 57 ዓመቱ ነበር። ጥቁር ኳርተርባክ ሱፐር ቦል ሊያሸንፍ ይችላል ወይ የሚለው ክርክር በዚያ ምሽት ተዘጋ። ዊሊ ትሮወር ፌብሩወሪ 20 ቀን 2002 በልብ ሕመም በ71 ዓመቱ አረፈ። በ2006 የትውልድ ከተማው ሐውልት አቆመለት።

በዚያው በ2006 ኦገስት ላይ ዋረን ሙን በኦሃዮ የክብር አዳራሽ ገባ። ሙን በዋሽንግተን ዩኒቨርሲቲ ገንኖ፣ በ1978 ድራፍት የጠራው አጥቶ፣ እሱም እንደ ዊሊ ካናዳ የሄደ ነው። ኤድመንተን ውስጥ 5 ዋንጫ ካነሳ በኋላ ነው አሜሪካ የተቀበለችው። እዚያ አዳራሽ ለመግባት የመጀመሪያው ጥቁር ኳርተርባክ እሱ ሆነ። ንግግር ሲያደርግ ከእሱ በፊት መንገድ የጠረጉትን ዘረዘረ፤ ብሪስኮንና ሃሪስን ጠራ። የዊሊ ትሮወርንም ስም ጠራ። ወርዋሪው ከሞተ አራት ዓመት አልፎት ነበር።